አንቱ የተባለ ጭጋግ

ሄር ኦቶካር ቫክስሙት ከሃያ ሁለት ዓመት የውጭ አገር ቆይታ በኋላ ወደ ሙኒክ ሲመለስ ሦስት ሻንጣ፣ አንድ የፀሐይ ቃጠሎና አንድ ጭጋግ ይዞ መጣ። ሻንጣዎቹን የተሸከምኩት እኔ ነኝ። ቃጠሎው የካሊፎርኒያ ነው። ጭጋጉ ግን አገር በቀል ነው፤ በ1931 በርሊን ውስጥ፣ ቬዲንግ በሚባለው የሠራተኞች ሰፈር፣ በአንድ ልብስ ማጠቢያ ቤት ተወለደ።

ያኔ ቫክስሙት የሃያ ስድስት ዓመት ካሜራማን ነበር። በዚያ ዓመት ባነሣው ፊልም ውስጥ አንዲት አጣቢ ከፈላው ውሃ አጠገብ ተነሥታ ወደ መስኮቱ ትሄዳለች። መጀመሪያ የሚታየው ነጭ ነገር ብቻ ነው፣ ልክ እንደ ወተት። ከዚያ ወተቱ አንድ ቦታ ላይ ይቀደድና ዓይን ይወጣል፤ ቀጥሎ ጉንጭ፣ ቀጥሎ ፊቷ በሙሉ። ሃያ ሰከንድ አይሞላም። ጋዜጦቹ አበዱ። «ፊት ሲወለድ አየን» ብለው ጻፉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ቫክስሙት አንቱ የተባለ ሰው ሆነ። እኔ እዚህ አንቱ አልለውም። ፊት ለፊት ያልኩት ይበቃዋል።

አንቱ መባል ግን ዕዳም አለው። በሄደበት ሁሉ የሚጠየቀው ያንኑ ነው። ሮም ላይ «ጭጋጉን» አሉት፤ ሌንሱን በሴት የሐር ስቶኪንግ ሸፈነው። ሆሊውድ ላይ «ጭጋጉን» አሉት፤ መስታወቱን ቫዝሊን ቀባው። ቦምቤይ ላይ በዝናቡ ወራት እግዜር ራሱ ጭጋግ አመጣለት፤ ግን ፊልሙ ከነጥቅሉ ሻገተ። ማኒላ ላይ የጭስ ቆርቆሮ አስፈነዳ፤ የመንደሩ ሰው ጦርነት የተመለሰ መስሎት ዶሮውን ታቅፎ ሸሸ። አራት አገር ዞሮ፣ አሥራ ዘጠኝ ፊልም ሠርቶ፣ ያንን ሃያ ሰከንድ ሲያሳድድ ኖረ። ስቶኪንጉ ስቶኪንግ፣ ቅባቱም ቅባት ሆኖ ቀረ። ዓይን ያለው ሰው ሁሉ ያየዋል፤ ግን አንቱ የተባለን ሰው ማን ደፍሮ ይናገራል?

እኔ ሮስቪታ ክሎይበር እባላለሁ፤ ሴት ስለሆንኩ በባቫሪያ ወግ ክሎይበሪን ይሉኛል። አባቴ ጊዚንግ ሰፈር ሥጋ ቤት አለው። የፊልም ትምህርት ቤት በር አልረገጥኩም። አራት ዓመት በአንድ ካሜራ አከራይ ምድር ቤት ውስጥ ሌንስ ስወለውል፣ ስፈታ፣ ስገጥም ነው ሥራውን ያወቅሁት። የማላውቀውን ከመመሪያ ደብተር አነበብኩ፤ ደብተሩ የማያውቀውን ደግሞ ሰብሬ አየሁ። በእኛ አገር ግን «ምን ታውቂያለሽ?» ብሎ የሚጠይቅ የለም። «ወረቀትሽ የታለ?» ነው የሚባለው። ውሻ እንኳ ውሻ መሆኑን የሚያስመሰክር የማዘጋጃ ቤት ቁጥር በአንገቱ አስሮ ነው የሚዞረው።

ቫክስሙት ለተመለሰበት ፊልም የተቀጠርኩት ርቀት እንድለካ ነው። ከሌንሱ እስከ ተዋናዩ አፍንጫ ሜትር እዘረጋለሁ፤ ተዋናዩ ሲራመድ ምስሉ እንዳይደበዝዝ የሌንሱን ቀለበት አዞራለሁ። ቫክስሙት ብርሃኑን ያዝዛል። ካሜራው ላይ ተቀምጦ፣ ዓይኑን የማያው ቀዳዳ ላይ ጥሎ፣ ካሜራውን የሚያዞረው ሌላ ሰው ነበር። ያ ሰው በሁለተኛው ሳምንት እሑድ ጋርሚሽ ሄዶ በበረዶ ሸርተቴ እግሩን ሰበረ።

ወንበሩ ባዶ ሆነ። እኔ ያንን ወንበር ከምድር ቤቱ ጀምሮ ነው የምፈልገው። ሰኞ ጠዋት ሄድኩ።

«ሄር ቫክስሙት፣ ካሜራው ላይ እኔ ልቀመጥ።»

የሻይ ከረጢቱን ከመብራቱ ጋር አስሮ እያደረቀ ነበር። አንዱን ከረጢት ሦስቴ ነው የሚነክረው። የምግብ ቤት ስኳር ደግሞ ኪሱ ውስጥ ገብቶ የወጣበት ቀን የለም።

«አንቺ?»

«አዎ፣ እኔ።»

«ማን አስተማረሽ?»

«ማንም።»

«ማንም ያላስተማራት» አለ፣ ከረጢቱን እየጨመቀ፣ «ማንም ናት። ሜትርሽን ይዘሽ ቁሚ። እኔው እቀመጣለሁ።»

ወንበሩን መንፈጉ አንድ ነገር ነው። «አንቺ» ማለቱ ግን ሌላ ነው። ሃያ ስድስት ዓመቴ ነው። በእኛ ዘንድ ለአቅመ አዳም የደረሰ ሰው ካልፈቀደልህ በቀር እርስዎ ነው የሚባለው። ሳይጠየቁ አንተና አንቺ የሚባሉት ሕፃን፣ ውሻና እግዚአብሔር ናቸው፤ እኔ ሦስቱንም አይደለሁም። ዳይሬክተራችን ዴትሌፍ ዞመርላተ «አንቱታ የጌቶች ዘመን ቅሪት ነው» ብሎ ገና በመጀመሪያው ቀን ሁላችንንም አንተና አንቺ አሰኝቶናል። የሃያ ሰባት ዓመት ልጅ ነው፤ ቆዳ ጃኬቱን ለመኝታም የሚያወልቅ አይመስለኝም። እሱ አንቺ ይለኛል፣ እኔም አንተ እለዋለሁ፤ ተካካስን። ቫክስሙት ግን አንቺ ይለኛል፣ እኔ እርስዎ እለዋለሁ። ያ ደረጃ ነው፤ እሱ ከላይ፣ እኔ ከታች።

በጥር አጋማሽ፣ ኢዛር ወንዝ ዳር ወዳለ አሮጌ ልብስ ማጠቢያ ቤት ሄድን። ዞመርላተ ያንን ትዕይንት የጻፈው ለጭጋጉ ብሎ ነው፤ ለምን ሌላ እንደሚጽፈው አላውቅም፣ ፊልሙ ስለ አንዲት የትራም ቲኬት ቆራጭ ነው። በፀደይ ሚኒስቴሩ ለቫክስሙት የዕድሜ ልክ ሜዳሊያ ሊሰጠው ስለነበር፣ ከከተማው ጋዜጣ ሄር ጺርል የሚባል ሰው ሊያየው መጥቷል። በተደፋ የእንጨት ገንዳ ላይ ተቀምጦ እርሳሱን ያሾላል።

ትዕይንት ሠላሳ ሦስት፣ ምስል ሦስት። ተዋናይዋ ፍራው ኢርምትራውት ዜሊግ ከፈላው ጋን አጠገብ ተነሥታ፣ እርጥብ አንሶላ ተሸክማ፣ አሥራ አንድ እርምጃ ወደ መስኮቱ ትሄዳለች። እያንዳንዷን እርምጃ ለክቼ ወለሉ ላይ በጠመኔ ምልክት አድርጌያለሁ።

የመጀመሪያው ቀረጻ በስቶኪንግ ነበር። ቫክስሙት ተቀመጠ፤ ሴትዮዋ ሄደች። ዞመርላተ በማያው ውስጥ አየና ጆሮውን አከከ።

«ሄር ቫክስሙት፣ ይሄ... ትንሽ ስቶኪንግ ስቶኪንግ ይላል።»

አንቱታን የሻረው አብዮተኛ፣ ሽማግሌው ፊት ሲደርስ ምላሱ ይታሰራል።

«ስቶኪንግ ነዋ» አለ ቫክስሙት። «ሮም ውስጥ አልቅሰውበታል።»

ሁለተኛው ቀረጻ በቫዝሊን ነበር። ዞመርላተ አሁንም አየ።

«ይሄ ደግሞ እኔ ጉንፋን ሲይዘኝ የማየውን ይመስላል።»

ከኋላ የመድረክ ሠራተኞቹ አለቃ አሎይስ ሳቀ። ጢሙ እስከ አገጩ የሚወርድ የጣውላና የገመድ ሰው ነው፤ ከቢራና ከቋሊማ ሌላ የሚያከብረው ነገር ቢኖር ሥርዓት ነው።

«እሰይ» አለ፣ እጁን እያፋተገ። «ሦስተኛው ይመጣል። ሠላሳ ሦስት፣ ሦስት፣ ሦስት።»

እኛ ጋ ከእያንዳንዱ ቀረጻ በፊት ካሜራው ፊት በምትያዘው ጥቁር ሰሌዳ ላይ ሁሉም ቁጥር አንድ ዓይነት ሆኖ ከወጣ አረቄ አለበት። ማን እንዳወጣው የሚያውቅ የለም፤ ያፈረሰውም የለም።

ቫክስሙት ግን አልሰማም። ዓይኑ ጺርል ላይ ነበር። የጋዜጣው ሰው ይጽፋል። «ሽማግሌው ጭጋጉን ረሳው» የሚለው ዓረፍተ ነገር ከእርሳሱ ጫፍ ላይ ተንጠልጥሏል። ቫክስሙት «ትንሽ አየር» ብሎ ወጣ። ተከተልኩት። የድንጋይ ከሰሉ ክምር አጠገብ ደረስኩበት፤ ብርዱ ከዜሮ በታች አሥራ ሁለት ነው።

«ሄር ቫክስሙት፣ የዚያን ጊዜው ጭጋግ ስቶኪንግ አልነበረም። ቅባትም አልነበረም።»

«ምን ታውቂያለሽ አንቺ?»

«ከአባቴ በረዶ ክፍል የወጣ ሥጋ ሱቅ ውስጥ ሲገባ ያልበዋል። ሌንስም ያልበዋል። ፊልሙን ስድስት ጊዜ አይቼዋለሁ። ያ ላብ ነው። ካሜራውን ውጭ ብርድ ላይ ረሱት፣ ከዚያ እንፋሎቱ ውስጥ አስገቡት፣ መስታወቱ መታወሩን ሳያዩ አስነሡት፤ ሲሞቅ ላቡ ለቀቀ።»

ይህን ለማንም የሙያው ሰው ብትነግረው ይስቃል። የካሜራ ረዳት ገና በመጀመሪያው ቀን የሚማረው፣ ቀዝቃዛ ሌንስ ወደ ሙቅ ቤት በድንገት እንደማይገባ ነው። ይህን የረሳ ረዳት በማግሥቱ ሥራ ይፈልጋል። አንቱ ያስባለው ነገር እኔን የሚያስባርር ነው።

በአፍንጫው እንፋሎት ለቀቀ። ከዚያ «የአተር ሾርባ ነበር» አለ።

«ምን?»

«ከመንገዱ ማዶ። የአተር ሾርባ፣ የአሳማ እግር ያለበት። ሰልፉ ረጅም ነበር። ካሜራውን ግቢው ውስጥ አቁሜ ሄድኩ።»

«አርባ ሦስት ዓመት ሙሉ ለማንም አልተናገሩም?»

«ምን ብዬ? ፊት ተወለደ እያሉ ነው። አይ፣ እኔ እኮ ሾርባ ስጠጣ ነበር ልበላቸው?»

«ታዲያ ለምን አልደገሙትም?»

«የት? ሮም ብርድ የለም። ካሊፎርኒያ ብርድ የለም። ማኒላ... ተይው እሱን።» በጫማው ከሰሉን ገፋ። «ደግሞም መስታወቱ ሲታወር ማያውም ይታወራል። የተቀመጠው ሰው ሴትዮዋ የት እንዳለች አያይም። ያኔ በዕድል ያዝኳት። ዕድል ደግሞ በደብዳቤ አይጠራም።»

«እኔ የት እንዳለች አውቃለሁ» አልኩት። «አሥራ አንድ እርምጃ ናት። ሳላይ እከተላታለሁ። ካሜራው ላይ እኔ ልቀመጥ።»

«ከዚያስ?»

«ጭጋጉ የእርስዎ፣ ወንበሩ የእኔ፤ ከዛሬ እስከ መጨረሻው የቀረጻ ቀን። ደግሞም እርስዎ ይሉኛል።»

«አንቱታ?» ዓይኑ ፈጠጠ። ከወንበሩ ይልቅ ይኼኛው አመመው። «ወንበሩን ለዚህች አንድ ቀረጻ። ለጋዜጣው ሰው ትንፍሽ የለም። አንቱታውን እርሺው።»

ተቀበልኩ። የሥጋ ነጋዴ ልጅ ነኝ፤ መጀመሪያ የተጠራ ዋጋ የመጨረሻ እንዳልሆነ አውቃለሁ።

ካሜራውን ግቢው ውስጥ አውጥቼ በረዶው ላይ ተከልኩት፤ አንድ ሰዓት ይቁም ብዬ። አሎይስ በበሩ ብቅ አለ።

«ክሎይበሪን፣ ካሜራውን ለቁራ አሰጣሽው እንዴ?»

«ይቀዝቅዝ።»

«አብደሻል። ሲገባ ይታወራል።»

«ይታወር።»

«ሽማግሌው ያውቃል?»

«ከማንም በፊት ያውቃል» አልኩት።

በዚያች ሰዓት ቫክስሙት ለጋዜጣው ሰው ቃለ መጠይቅ ሰጠ፤ ሜትሬን እየጠቀለልኩ ሰማሁት። ስለ ሮም ነገረው፣ ስለ ሆሊውድ ነገረው። ጺርል ትሑት ሰው ነው፤ ለስለስ አድርጎ ጠየቀው።

«ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ከ1933 እስከ 1945 ባለው ጊዜስ ምን ይሠሩ ነበር?»

«ተራራ» አለ ቫክስሙት።

«ተራራ?»

«ተራራ። ደመናም። እኔ የብርሃን ሰው ነኝ።»

አሥራ ሁለት ዓመት ደመና። በዚያ ዘመን ከነበሩት ሽማግሌዎቻችን የሚበዙት እንዲያው ሽቅብ ሲያዩ ነው የኖሩት፤ ከሥር ማን ታስሮ እንዳለፈ ያየ አንድም የለም። ጺርልም «ደመና» ብሎ ጻፈና ገጹን ገለጠ።

ሰዓቱ ሞላ። ማጠቢያ ቤቱን ዘግተን ጋኑን አፈላነው፤ እንፋሎቱ ጣሪያ ነካ። ጺርልን መነጽሩ ስለታወረ ወደ ደረቁ ክፍል ሸኘነው፤ ውስጥ የቀረነው ሥራ ያለን ብቻ ነን። አሎይስና ሁለት ሰዎቹ ካሜራውን ከበረዶው ተሸክመው አስገቡና ምልክቱ ላይ አቆሙት። ቫክስሙት ከወንበሩ አጠገብ ቆመ፤ እኔ ተቀመጥኩ። ዞመርላተ እኔን አየ፣ ቫክስሙትን አየ። ቫክስሙት ጣሪያውን አየ፣ የደመና ሰው አይደል። ዞመርላተ ትከሻውን ነቀነቀ።

«ሠላሳ ሦስት፣ ሦስት፣ ሦስት» አለ ሰሌዳ ያዡ፤ ድምፁ ውስጥ አረቄ ነበር።

ዓይኔን ማያው ላይ ጣልኩ። ምንም የለም፤ ወተት ነው። ግራ እጄ የሌንሱ ቀለበት ላይ፣ ቀኝ እጄ የካሜራው እጀታ ላይ ነው። የፍራው ዜሊግን የእንጨት ጫማ በጆሮዬ እቆጥራለሁ። አንድ። ሁለት። ሦስት ላይ እጀታውን ገፋሁ። አራት፣ አምስት። ስድስተኛው ላይ አንሶላው ከብዷት ቆም አለች፤ እኔም ቆምኩ። ሰባት። ወተቱ ውስጥ ትንሽ ጥቁር ነጥብ መጣች። ስምንት። ነጥቧ ሰፋች፤ ዓይን ሆነች፣ እርጥብ ሽፋሽፍት ያለው ዓይን፣ ልክ ባሰብኩት ቦታ። ዘጠኝ፣ ጉንጯ። አሥር፣ ግንባሯ ላይ የተለጠፈው ፀጉር። አሥራ አንድ ላይ መስኮቱ ጋ ስትደርስ ፊቷ ሙሉ ነበር፤ እኔን እንደማታይ ሆና አየችኝ።

ዞመርላተ «በቃ» ማለት ረስቶ ፊልሙ አለቀ።

ከዚያ ሁሉም ተያይዞ ወደ ደረቁ ክፍል ወጣ። ዞመርላተ ቫክስሙትን አቀፈው። «አየኋት» ይላል፣ «ከጎን ሆኜ እንኳ አየኋት።» ከጎን ሆኖ ምንም አላየም፤ ግን ተደስቷል። ጺርል መነጽሩን እየወለወለ ተጠጋ።

«ተሳካ ማለት ነው?»

«ልጄ» አለው ቫክስሙት፣ ቀኝ እጁን ከፍ አድርጎ፣ «ይኸውልህ። አርባ ሦስት ዓመት ያልረሳ እጅ።»

ጺርል «እጅ» ብሎ ጻፈ። እኔ ሌንሱን እየጠረግሁ ነበር። ትንፍሽ አልልም ብያለሁ፤ ቃሌን በላሁ አልባልም። ጨርቁ ግን ጣቴ ውስጥ ተጨመቀ።

በዚህ መሐል አሎይስ የጣውላ ሣጥን ላይ ወጣ።

«ወገኖች፣ ሥርዓት አለ። ሠላሳ ሦስት፣ ሦስት፣ ሦስት። አረቄው የታለ?»

«የምን አረቄ?» አለ ቫክስሙት። ሃያ ሁለት ዓመት ረጅም ነው፤ ረስቶታል።

«ቁጥሩ ሲገጥም ካሜራው ላይ የተቀመጠው ሰው ለሁሉም አረቄ ያወጣል። ከአያቶቻችን ጀምሮ እንዲሁ ነው። አሥራ ስምንት ነን። ርካሹን አንጠጣም፤ የፕሪም አረቄ ነው የምንጠጣው።»

«ሁለት ጠርሙስ ይፈጃል» አለ ከኋላ አንዱ።

«ሦስት» አለ ሌላው። «ለእጁ ጤና ጭምር።»

ሠራተኛው ሁሉ ቫክስሙትን አየ። ማን እንደተቀመጠ ከእነሱ የሚያውቁ ነበሩ። አሎይስ በእርግጥ ያውቃል፤ ጢሙ ሥር ፈገግታ አይቼበታለሁ። ሽማግሌው ግን ያሰበው አረቄውን ብቻ ነው። እጁ የስኳር ኪሱን ደርሶ ጨበጠ። ሜዳሊያውን፣ ጺርልን፣ የተወለደውን ፊት፣ ሁሉንም ረሳ፤ አፉ ከዝናው ቀደመ።

«እኔን ምን አገባኝ? እኔ አልተቀመጥኩም። የተቀመጠችው ክሎይበሪን ናት። ሁላችሁም አይታችኋል፤ እሷን ጠይቁ።»

የጺርል እርሳስ ብቻ ሲፍቅ ይሰማል። «እጅ» የሚለውን እየሰረዘ ነበር።

ቫክስሙት ምን እንደተናገረ የገባው ያን ጊዜ ነው። ጉንጩ ላይ የቀረችው ካሊፎርኒያ ጠፋች።

«ወይዘሪት» አለኝ ጺርል፣ «እርስዎ ነበሩ የተቀመጡት?»

«እኔ ነኝ።»

«ጭጋጉንም እርስዎ ነዎት የሠሩት?»

ቫክስሙት አየኝ። የአተር ሾርባው ዓይኑ ውስጥ ሲንሳፈፍ ይታየኛል። አንድ ቃል ብናገር ሚኒስቴሩም፣ ሜዳሊያውም፣ አርባ ሦስቱ ዓመትም ሾርባ ይሆናሉ። እኔ ግን የሰው ጭጋግ አልፈልግም።

«ጭጋጉ የሄር ቫክስሙት ነው» አልኩ። «ወንበሩ ነው የእኔ።»

«ለዚህች አንድ ቀረጻ» አለ ቫክስሙት በቀስታ።

«እስከ መጨረሻው ቀን» አልኩት፣ እንደሱው በቀስታ። «ሾርባ ይወዳሉ፣ ሄር ቫክስሙት?»

ቫክስሙት ወደ ጺርል ዞረና «እስከ መጨረሻው ቀን» አለ፣ ሁሉም እየሰማ። ጺርል ጻፈው።

የሌንስ ሣጥኔን ከፈትኩ። ከማጽጃው አልኮል አጠገብ የአጎቴ የፕሪም አረቄ፣ ሦስት ጠርሙስ፣ በፎጣ ተጠቅልሎ ነበር። ወንበሩ ባዶ ከሆነባት ሰኞ ጀምሮ እዚያው ነበር። አሎይስ ጠርሙሶቹን አይቶ ኮፍያውን አወለቀ፤ ለሚኒስትርም አውልቆ አያውቅም። ተቀዳ፤ በሻይ ኩባያ፣ በፔርሙስ ክዳን፣ በባዶ የፊልም ጥቅል ቆርቆሮ። ቫክስሙትም መጣ። በነጻ ነዋ። ኩባያውን ሞልቼ ሰጠሁት፤ እሱም ክርኑን አጥፎ ክንዱን ወደ እኔ አዘነበለ። ይህም ወግ ነው፦ ሁለት ሰው ክንድ አቆላልፎ ከጠጣ በኋላ አንቱታ ይቀራል፣ በስም መጠራራት ይጀመራል። የሚጋብዘው በዕድሜ ትልቁ ነው። እምቢ የሚል የለም።

«ኦቶካር» አለኝ። ድምፁ ማር ሆኗል። «ከዛሬ ጀምሮ አንተ በይኝ።»

ሦስት ሳምንት አንቺ ሲለኝ ከርሞ፣ አሁን እኔንም አንተ በይኝ አለኝ። ደረጃውን ሲወርድ እያየሁት ነው፤ ግን እኔ ያለሁበት ወርዶ ሊስተካከለኝ ነው እንጂ እኔን ወደ ላይ ሊያወጣኝ አይደለም።

«አመሰግናለሁ፣ ሄር ቫክስሙት» አልኩት። «እኔና እርስዎ ግን እርስዎ እንባባል።»

ክንዱ እንደተቆለመመ አየር ላይ ቀረ። አሎይስ አዘነለት፤ የራሱን ክንድ አቆላልፎ «አሎይስ እባላለሁ» አለውና ጠጡ።

ጋዜጣው በሦስተኛው ቀን ወጣ። ጭጋጉ ግማሽ ዓምድ ወሰደ። ከሥሩ «ካሜራው ላይ የተቀመጠው ወጣቱ ሄር ክሎይበር ነበር» ይላል። የጋዜጣው ጽሑፍ አራሚ የሴት ስም አይቶ ስሕተት መስሎት አረመው። አባቴ ቆርጦ ከቋሊማዎቹ በላይ ሰቀለው።

«ወንድ ልጅ እንዳለኝ» አለኝ፣ «ከጋዜጣ መስማት አልነበረብኝም።»

ያን ዕለት ጠዋት ትዕይንት ሠላሳ አራትን ልንጀምር ስንል ቫክስሙት የሻይ ከረጢቱን መብራቱ ላይ ይሰቅል ነበር። ጋዜጣውን አንብቦታል፤ ኮት ኪሱ ውስጥ ታጥፎ ይታያል። ጀርባውን እንደሰጠኝ፣ ከረጢቱን የሚያናግር ይመስል፣

«ይቀመጡ፣ ክሎይበሪን» አለ። «ብርሃኑ እየሸሸ ነው።»

ተቀመጥኩ።